ብርቁ የትኛው ሰማይ ነው?

ሰኔ 14 ቀን 2012 ዓ.ም.፣ እሑድ ጠዋት 2 ሰዓት ገደማ፣ ጨረቃ በፀሐይና በላስታ ተራሮች መካከል ገባች። ጥላዋ ከኮንጎ ተነሥቶ፣ መካከለኛው አፍሪካንና ደቡብ ሱዳንን አልፎ፣ በወለጋና በጎጃም አድርጎ ላሊበላ ደረሰ። እዚያም በጨረቃ ጥቁር ገጽ ዙሪያ ለአንድ ደቂቃ ያህል የብርሃን ቀለበት አሳየና ወደ ኤርትራ፣ ወደ የመንና ኦማን፣ ወደ ሕንድና ቻይና ነጎደ። ከላሊበላ በስተ ሰሜን ባሉት በሰቆጣና በዋግ ኽምራ ደጋዎችም የጠዋቱ ብርሃን ደበዘዘ። የቅዱስ ላሊበላ በዓል ሰኔ 12 ተከብሮ ካለፈ ገና ሁለት ቀኑ ነበር። ዘመኑ የወረርሽኝ ዘመን ነበርና ቀለበቱን ፍለጋ ባሕር ተሻግረው ይመጡ የነበሩት ብዙዎች አልመጡም፤ ያየ ግን አየ፣ ያላየም ሰማ፣ ሁሉም ብርቅ ነው አለ። ከዚያን ጊዜ ጀምሮ ይህን ቃል እንደ ዋዛ ማለፍ አቅቶኛል። ብርቅ የሆነው ምኑ ነው? ፀሐይዋ የየዕለቷ ፀሐይ ናት፤ ጨረቃዋም በየወሩ የምትወለደው ጨረቃ ናት። ሁለቱም የዘወትር ከሆኑ ብርቅነቱ ከየት መጣ?

ቶሎ የሚመጣው መልስ የቁጥር መልስ ነው፤ ብርቅ ማለት ከስንት አንዴ የሚሆን ማለት ነው። ቀለበታዊ ግርዶሽ በአንድ ቦታ ላይ ተመልሶ እስኪታይ በአማካይ ከ200 ዓመት በላይ ይፈጃል፤ ፀሐይ ሙሉ በሙሉ የምትጋረድበት ግርዶሽ ደግሞ ወደ 375 ዓመት። ምድርን በሞላ ካየን ግን በየዓመቱ ቢያንስ ሁለት የፀሐይ ግርዶሽ አይቀርም። እንግዲህ ነገሩ ለምድር የዘወትር፣ ለላሊበላ ብርቅ ነው ማለት ነው። ብርቅነቱ ከሰማይ ወርዶ መሬት ላይ ተገኘ፤ የቆምንበት ስፍራ ባሕርይ ሆነ። እሱም ብቻ አይደለም። ስፍራው ምንጊዜም እዚያው ነው፤ የምንሄደው እኛ ነን። ከሰቆጣ አጠገብ ከዐለት በተፈለፈለው በውቅር መስቀለ ክርስቶስ የዋግ ሹሞች አስከሬን አርፏል። ከአንድ ቀለበት እስከሚቀጥለው ያለውን ዘመን ለመሙላት እንደ እነርሱ ያሉ ስንት ዕድሜዎች ተከታትለው መኖር ይኖርባቸዋል? ሺሕ ዓመት የሚኖር ፍጡር ቢኖርና ካንድ ኮረብታ ባይነቃነቅ፣ ቀለበቱን አራቴ ወይም አምስቴ አይቶ እንደ ቆየ ዘመድ ይቀበለው ነበር። ስለዚህ ብርቅ ስንል ስለ ሰማዩ የተናገርን ይመስለናል እንጂ ስለ ዕድሜያችን ማጠር ነው የምንናገረው።

ይህም መልስ ግን አያሳርፍም፤ ከሥሩ ሌላ ጥያቄ አለና። ጨረቃ ጥላዋን መጣል አቋርጣ አታውቅም። ያ ሾጣጣ ጥላ ሌት ተቀን ከጀርባዋ ተዘርግቷል፤ አብዛኛውን ጊዜ የሚያርፈው ማንም በሌለበት ባዶ ሕዋ ላይ ነው። ከፀሐይ ዘንድ ሆኖ የሚያይ ቢኖር ግርዶሽ የሚባል ነገር ከቶ አያውቅም፤ ለእሱ ፀሐይ ተጋርዳ አታውቅም። ቀለበቱ በጨረቃ ላይ የለም፣ በፀሐይም ላይ የለም፣ በመካከላቸው ባለው ርቀትም ላይ የለም። ሆኖም ፎቶግራፍ ይነሣል፣ ዐይን ያቃጥላል፣ ወፍ ያሳስታል፤ ሐሰት ነው ልንለው አንችልም። አንድ ዐይኑን ጨፍኖ በአውራ ጣቱ አቡነ ዮሴፍን የሚጋርድ ልጅ፣ ያ ከ4,000 ሜትር በላይ የሆነ ተራራ ከጣቱ ጀርባ ሲጠፋ አልዋሸም፤ ተራራውም አልጠፋም። እውነት የሆነው መስመሩ ነው፦ ተራራ፣ ጣት፣ ዐይን። ከሦስቱ አንዱ ቢጓደል የሚፈርስ እውነት አለ ማለት ነው። ቀለበቱም እንዲሁ የሦስት ነገሮች መሰለፍ ነው፤ ሦስተኛው ደግሞ እኛ ነን። የፀሐይ ወርድ ከጨረቃ ወርድ 400 ጊዜ ያህል ይበልጣል፤ ርቀቷም እንዲሁ 400 ጊዜ ያህል ነው፤ ከዚህ የተነሣ ሁለቱ በእኛ ዐይን ልክ ይሆናሉ። ይህ ልክነት የሚሠራው ከዚህች ምድር ላይ ብቻ ነው፤ በዚህ ዘመንም ብቻ፤ ምክንያቱም ጨረቃ በዓመት 3.8 ሳንቲ ሜትር ያህል እየራቀችን ነው።

እስቲ የሌለ ዓለም እንፍጠር። ጨረቃ በየወሩ አዲስ ስትሆን በፀሐይ ፊት የማትቆመው ምሕዋሯ ከምድር ምሕዋር 5 ዲግሪ ያህል ስላዘነበለ ነው። በዚያኛው ዓለም ይህ ማዘንበል አይኑር፤ ከተሞቹም ሁሉ በጥላው መንገድ ላይ ይሠሩ። ሰዎቹ በየወሩ መባቻ፣ በቀትር፣ የእሳት ቀለበት ያያሉ፤ አያዩትም ማለት ይቀላል፣ ማንም ቀና አይልምና። ገበሬው በሬውን የሚፈታበት ሰዓት ነው፤ ሴቲቱ ምሳ የምታቀርብበት። ቀለበቱ ሥርዓት ሆኗል፤ ሥርዓት ደግሞ አይታይም። በዚያ ዓለም ምንጭ ከመሬት እየፈለቀ ሁሉን ያጠጣል፣ ደመና ግን በ200 ዓመት አንድ ጊዜ ብቻ ይታያል እንበል። ያን ቀን ምን ይሆናል? ሊቃውንት ከሩቅ አገር መሣሪያ ጭነው ይመጣሉ፤ ሕፃናት በአባቶቻቸው ትከሻ ላይ ይወጣሉ፤ ከምዕራብ አንድ ጠቆር ያለ ነገር ብቅ ሲል ሺሕ ሰው ባንድ ድምፅ ይጮኻል። ጠብታ ፊቱ ላይ ያረፈለት ሰው እስኪሞት ድረስ ያወራታል። እኛ ያን ሕዝብ ብናይ እናዝንለታለን፤ እንዴት ያለውን ቀለበት ችላ ብሎ ለተራ ደመና ይጮኻል እንላለን። ከዋግ ቆላ፣ ከአበርገሌ ወይም ከዝቋላ፣ ከሰሃላ የመጣ ሰው ግን አያዝንለትም። ደመና ሲመጣ ያ ሕዝብ ለምን እንደሚጮኽ ማንም ሳያስረዳው ያውቃል።

ጥያቄዬም የተገለበጠብኝ እዚህ ላይ ነው። ሰኔ በዋግ ሰማይ የሚታይበት ወር ነው፤ ገበሬ ማለዳ ከቤቱ ወጥቶ መጀመሪያ የሚያየው መሬቱን አይደለም። ክረምቱ አጭር ነው፤ ዘግይቶ ገብቶ ቀድሞ ከወጣ ዘሩ አፈር ውስጥ ይቀራል፣ ወይም ያሽትና ፍሬ ሳይቋጥር ይደርቃል። ሰኔ 14 ጠዋት ሰቆጣ ላይ ቀና ያለው ሰው ሁለት ሰማይ ነበረው፦ አንዱ ጨረቃ ፀሐይን የምትጋርድበት፣ ሌላው ደመና የሚፈለግበት። የመጀመሪያው ገና የዚያ ሰው አያት ሳይወለዱ እስከ ደቂቃው ሊሰላ ይችል ነበር። ግርዶሾች በቤተሰብ ይጓዛሉ፤ 18 ዓመት ከ11 ቀን ከ8 ሰዓት ገደማ ሲሞላ የአንዱ ዘመድ ይመለሳል፣ ያች 8 ሰዓት ግን ምድርን አንድ ሦስተኛ ስለምታዞራት ጥላው በሌላ አገር ላይ ያርፋል። የሰኔ 14ቱ ዘመድ ሰኔ 25 ቀን 2030 ዓ.ም. ይመጣል፤ ጦርነት ቢሆን፣ ሰላም ቢሆን፣ መንግሥት ቢለወጥ ይመጣል። የቤተ ክርስቲያናችንም ባሕረ ሐሳብ ከዚሁ እርግጠኝነት የተቀዳ ነው፤ በ19 ዓመት ዙር አበቅቴና መጥቅዕ እያወጣ፣ በ532 ዓመት ዐቢይ ቀመር ሁሉን ወደ ነበረበት እየመለሰ፣ ገና ያልተወለዱ ሰዎች በየትኛው ቀን ፋሲካ እንደሚያከብሩ ይናገራል። ሁለተኛው ሰማይ ግን እንዲህ አይደለም። ዝናቡ በሚቀጥለው ሳምንት ሰቆጣ ላይ ይጥል እንደሆነ አስረግጦ የሚናገር የለም። ከ200 ዓመት አንዴ የሚሆነው ፈጽሞ የታወቀ፣ በየዓመቱ የሚሆነው ፈጽሞ ያልታወቀ! ታዲያ መደነቅ የሚገባን ለየትኛው ነው?

አንድ ሰው ተቃውሞ ሊያነሣ ይችላል፤ ተቃውሞውም ተገቢ ነው። ዝናብ ብርቅ አይደለም፣ በዋግም ቢሆን በየዓመቱ ይጥላል፤ አንተ ብርቅነትን ካለመታመን ጋር አደባለቅህ፣ ይለኛል። እውነት ነው፤ ሁለቱ አንድ አይደሉም፤ መለየትም ይገባቸዋል። ብርቅ የሚሆነው የማይደጋገመው ነው፤ የማይታመነው ግን ቢደጋገምም የሚያስፈራው ነው። ግን ይህን ልዩነት አጥርተን ስንይዝ ሌላ ነገር ይገለጣል። ሰው አደባባይ ወጥቶ፣ መነጽር ተካፍሎ የሚያደንቀው የመጀመሪያውን እንጂ ሁለተኛውን አይደለም። ለምን? እንደሚመስለኝ ለአድናቆት አንድ ነጻነት ያስፈልጋል፤ በሚደነቀው ነገር ላይ እንጀራችን መንጠልጠል የለበትም። ቀለበቱ ቢመጣም ባይመጣም ጎተራው አይጎድልም፤ ስለዚህ ልባችን ሳይሳቀቅ ያየዋል። የሰኔን ደመና ግን የሚያይ ዐይን ይለምናል፤ የሚለምን ዐይን ደግሞ የደመናውን መልክ አያስተውልም፣ የሚያየው የሚሰጠውን ወይም የሚነፍገውን ነው። የሃሌይ ጅራታም ኮከብ ለመጨረሻ ጊዜ ፀሐይን የተጠጋው በየካቲት 1978 ዓ.ም. ነው፤ በሰው ዕድሜ አንድ ጊዜ፣ ቢበዛ ሁለት ጊዜ የሚታይ እንግዳ ነው። ያን ጊዜ ዋግ ከ77ቱ ረኃብ ገና አላገገመችም። ያን ሰሞን ከሰቆጣ ወጥቶ ኮከብ የተመለከተ ሰው ካለ፣ በምን ልብ ተመለከተው? ጥያቄውን የማነሣው ለመክሰስ አይደለም፤ አድናቆት ራሱ ቅድመ ሁኔታ እንዳለው ለማሳየት ነው።

ስለ ምልክትም ማንሣት ግድ ይላል፤ በአገራችን ሰማይን ስለ ማየት ተጽፎ ምልክት ካልተነሣ የነገሩ ግማሽ ቀረ። ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ደቂቀ እስጢፋኖስ የተባሉትን መነኮሳት በድንጋይ ካስወገሩ በኋላ በሰማይ ላይ ብርሃን ታየ፤ ንጉሡም እግዚአብሔር ሥራዬን ወደደልኝ ብለው በስፍራው ቤተ ክርስቲያን ሠሩ፤ ደብረ ብርሃን ስሟን ያገኘችው ከዚያ ነው። ከዘመናችን የታሪክ ጸሐፊዎች አንዳንዶቹ ያን ብርሃን በ1456 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ከታየው ከሃሌይ ኮከብ ጋር ያያይዙታል። ብርሃኑ ምንም ይሁን ምን፣ ትርጓሜው ግን የተነበበው ከመሬት ነው፤ ቀድሞ የሞቱ ሰዎች ነበሩ፣ ቀድሞ የተሠራ ሥራ ነበር፣ ብርሃኑ መጥቶ ማኅተም ሆነለት። ከድንጋይ ውርጅብኙ የተረፈ የእስጢፋኖሳውያን ወገን ያንኑ ብርሃን ቀና ብሎ ቢያይ የዚያኑ ትርጓሜ ያነብብ ነበር ብዬ ለማመን ይቸግረኛል። በ2012ቱ ቀለበትም የሆነው ከዚህ ብዙ አይርቅም። ከአራት ወር በኋላ፣ ጥቅምት 24 ቀን 2013 ዓ.ም.፣ የሰሜኑ ጦርነት ተነሣ፤ እሳቱ ወደ ዋግም ደረሰ፣ ሰቆጣ ከእጅ ወደ እጅ ገባች፣ ሕዝብ ቀዬውን ጥሎ ተሰደደ። ይህን የቀመሰ ሰው ወደ ኋላ ዞሮ ለካ ነግሮን ነበር ቢል አልፈርድበትም፤ ትርጉም የሌለው መከራ ትርጉም ካለው መከራ ይከብዳል። ነገር ግን ያው ጥላ በዚያው ጠዋት ኦማን ላይ አርፏል፣ ታይዋን ላይ አርፏል። ምልክት ከሆነ የማን ምልክት ነው? ለሁሉም እኩል የተላከ መልእክት አንዱን ብቻ የሚመለከተው እንዴት ነው? ደግሞም ግርዶሹ ከጦርነቱ በፊት በመቶ ዓመታት ሊሰላ የሚችል ከነበረ፣ ጦርነቱም ከዚያን ጊዜ ጀምሮ የተቆረጠ ነበር ልንል ነው፤ ይህን ካልን ደግሞ ጦርነቱን የጀመረ ሰው የለም፣ ሊያስቀረውም የሚችል አልነበረም ማለት ነው። እዚህ ላይ እኔ እቆማለሁ። ሰማይን ምስክር አድርገን የሰውን ተጠያቂነት ማንሣት አንችልም።

ብርቅ ነገር ለመታየት የማንንም እርዳታ አይሻም፤ ራሱ ዐይንን ይስባል። የዘወትር ነገር ግን ካልተለካ አይታይም። ይህን ለማስረዳት ከሰማይ ልውረድ፤ ሰቆጣ ስሟን የሰጠችው ትልቅ ጉዳይ አለና። በ2007 ዓ.ም. መንግሥት ከሁለት ዓመት በታች ባሉ ሕፃናት ላይ የሚደርሰውን መቀንጨር በ2022 ዓ.ም. ለማጥፋት ቃል ሲገባ፣ ቃሉን የሰቆጣ ቃል ኪዳን ብሎ ሰየመው። መቀንጨር የሚገርም ባሕርይ አለው። በመንደሩ አንድ ልጅ ብቻ ከእኩዮቹ በቁመት ቢያጥር እናት ታያለች፣ ጎረቤት ይጠይቃል። ከሁለቱ ልጆች አንዱ የቀነጨረበት አገር ላይ ግን ማንም አያይም፤ ልጅ እንዲህ ነው ይባላል። በ2008 ዓ.ም. የተካሄደው የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት በአማራ ክልል ከአምስት ዓመት በታች ካሉ ሕፃናት 46 በመቶው መቀንጨራቸውን አሳይቷል። ይህ ቁጥር ወደ ግማሽ ይጠጋል፤ ወደ ግማሽ የተጠጋ ነገር ደግሞ ብርቅ አይደለም፤ ብርቅ ስላልሆነም ዐይን ያልፈዋል። የቁመት መለኪያ እንጨት እስኪመጣ ድረስ ጉዳቱ እፊታችን ቆሞ የለም ነበር። ቀለበቱ በሰማይ ላይ የሌለ ሆኖ ታየ፤ ይህ ደግሞ ቤት ለቤት ኖሮ ሳለ አልታየም። ስለ መታየት ከማውቃቸው ተቃርኖዎች ሁሉ የሚከብደኝ ይህ ነው።

ግርዶሹ በታየበት በዚያው በ2012 ዓ.ም.፣ ታኅሣሥ 10 ቀን፣ ኢትዮጵያ የመጀመሪያዋን ሳተላይት ከቻይና ምድር ወደ ሰማይ ላከች፤ 70 ኪሎ ግራም ገደማ የምትመዝን፣ እርሻን፣ ድርቅንና አየርን ከላይ ሆና እንድትመለከት የታሰበች። ግርዶሹ ከስድስት ወር በኋላ መጣ። አንዱን ለማየት ሰው ከታች ወደ ላይ አንጋጠጠ፤ ሌላዋ ከላይ ወደ ታች ትመለከት ነበር፤ የምትፈልገውም የደረቀ መሬትን ነበር። ከሁለቱ የትኛው የበለጠ የሰማይ ድንቅ ነው ብባል መልሱን አላመነታም። ይሁንና ማየት ማዳን እንዳልሆነ ዋግ ራሷ በ2016 ዓ.ም. አስተማረችን፤ በአበርገሌ፣ በሰሃላና በዝቋላ ዝናቡ ቀርቶ ከብት አለቀ፣ ሰው ተራበ። አልታየም የሚል ሰው አልነበረም።

ይህን ሁሉ ስል አንድ ፍርሃት አለኝ። የተራበ ሰው አድናቆት አይገባውም፣ ወይም አድናቆት የጠገበ ሰው ቅንጦት ነው የሚል ከዚህ ይወጣ ይሆን? አይወጣም፤ ቢወጣ ተሳስቻለሁ ማለት ነው። የአበርገሌ ፍየል ጠባቂ ሌሊቱን ከሰማይ ሥር የሚያድር ሰው ነው፤ ክዋክብቱን ከእኔ ይልቅ አብልጦ ያውቃቸዋል፣ ንጋትን በእነርሱ ይለካል። ለምኖ ያየውን ሰማይ ሌሊት ተመልሶ ሳይለምን ያየዋል። በአንድ ሰው ልብ ውስጥ ሁለቱ ዐይኖች አብረው ይኖራሉ፤ የሚለምነው የሚያደንቀውን ያጨልመዋል እንጂ አያጠፋውም። ምናልባት የእኔ የከተሜው ጉድለት ሁለተኛው ዐይን ብቻ መኖሩ ነው፤ ምንም ያልተንጠለጠለበት ሰማይ አይቼ ሰማይን አየሁ ማለቴ ነው። ታዲያ ቀለበቱን በሙላት ያየው ማን ነው? እኔ ነኝ፣ ወይስ ያን ጠዋት በሰቆጣ ደጅ ቆሞ ጨረቃን ከደመና ጋር በአንድ እይታ የፈለገው? እሱ ይመስለኛል። ለእኔ ሰማዩ አንድ ነገር አደረገ፤ ለእሱ አንድ ነገር አደረገ፣ ሌላ ነገር ደግሞ ገና አላደረገም።

ሐምሌ 26 ቀን 2019 ዓ.ም.፣ ሰኞ፣ ጨረቃ እንደገና በፀሐይ ፊት ታልፋለች። ጥላዋ የግብፅን ሉክሶርና መካን አጨልሞ በየመን በኩል ወደ ሶማሊያ ጫፍ ይወርዳል፤ ሉክሶር ላይ ከስድስት ደቂቃ በላይ ቀኑ ሌሊት ይሆናል። በዋግ ፀሐይ በከፊል ትጋረዳለች፤ ከቀትር በኋላ፣ ጥቂት የማይባል ክፍሏ። ስሌቱ ዝንፍ አይልም። ግን ሐምሌ 26 የክረምቱ እምብርት ነው። ክረምቱ እንደሚገባው ከገባ፣ በዚያን ቀን ከሰቆጣ በላይ ያለው ሰማይ በደመና ተደፍኖ ይውላል፤ ማንም ምንም አያይም። ሰማዩ ጠርቶ፣ የተጎረሰችው ፀሐይ ፍንትው ብላ ከታየች ግን ለቀኑ የሚያስደስት፣ ለዓመቱ የሚያስፈራ ነገር ታየ ማለት ነው። እኔ መነጽሬን ይዤ ወደ ሰሜን ልሄድ አስባለሁ፤ እዚያ ስደርስም የምመኘው ግርዶሹን ሳላይ መመለስን ነው።